ሐኪምዎን ይጠይቁ፦ እንቁላሉን ማጠቤ ስህተት ነበር?

ጥያቄ፦ ለፋሲካ ከቅዳሜ ገበያ 30 የሐበሻ እንቁላል ገዛሁ። ኩስ ስለነበረባቸው ሁሉንም በቀዝቃዛ ውሃ አጥቤ ፍሪጅ ከተትኳቸው፤ መብራት ግን ይሄድ ነበር። በበዓሉ ማግስት የ3 ዓመት ልጄን ተቅማጥና ትኩሳት ያዘው፤ አሁን ድኗል። አማቴ ደግሞ ለጉንፋኑ ጥሬ እንቁላል በወተት መትቼ እንድሰጠው ይመክሩኛል። ምን ላድርግ? (ከአዘዞ፣ ጎንደር)

መልስ፦ የልጅዎ ሕመም ከእንቁላሉ መምጣቱን ሳይመረመር መናገር አይቻልም። ማጠብዎ ግን አልጠቀመም። የእንቁላል ቅርፊት ዓይን የማያያቸው በሺዎች የሚቆጠሩ ቀዳዳዎች አሉት፤ የሚደፍናቸውን ስስ ልባስ ውሃ ያነሣዋል። ውሃው ከእንቁላሉ የቀዘቀዘ ከሆነ ደግሞ ውስጡ ያለው አየር ይኮማተርና ኩሱ ላይ ያለውን ሳልሞኔላ የተባለ ተቅማጥ አምጪ ጀርም ከነእርጥበቱ ወደ ውስጥ ይስበዋል። ሲገዙ የተሰነጠቀና ኩስ የጋገረበት አይውሰዱ፤ ጥቂት የቆሸሸውን በደረቅ ጨርቅ ይጥረጉ። መታጠብ ካለበትም ሊቀቀል ሲል፣ ለብ ባለ ውሃ ይሁን።

ቅርፊቱ ንጹሕ መሆኑ ብቻውን ዋስትና አይሆንም። ሳልሞኔላ ያለባት ዶሮ፣ የሐበሻም ትሁን የፈረንጅ፣ ቅርፊቱ ከመሠራቱ በፊት ውስጡን ልትበክለው ትችላለች። ዶሮዋ ጤነኛ ትመስላለች፤ እንቁላሉም አይሸትም። ውሃ ውስጥ ሲከቱት መንሳፈፉ የሚነግርዎት ዕድሜውን ነው፤ ጀርም ይኑርበት አይኑርበት አይነግርዎትም። ስለዚህ አማትዎን በአክብሮት እምቢ ይበሏቸው፦ ለሕፃን፣ ለነፍሰ ጡርና ለአረጋዊ ጥሬ እንቁላል አይሰጥም።

ጀርሙን የሚገድለው ሙቀት ነው፤ ለእንቁላል ምግብ መሃሉ 71 ዲግሪ ሴንቲግሬድ መድረስ አለበት። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,100 ሜትር ከፍ ስለምትል ውሃ የሚፈላው 93 ዲግሪ አካባቢ ነው። ቆላ ያለ ሰው በ10 ደቂቃ የሚቀቅለውን እርስዎ ውሃው ከፈላ በኋላ 12 ወይም 13 ደቂቃ ይተዉት። ሲጠብሱም ነጩም አስኳሉም ይርጋ። አስኳሉ ዙሪያ የሚታየው አረንጓዴ ቀለበት ብዙ ከመቀቀል የመጣ እንጂ ብልሽት አይደለም።

ለዶሮ ወጥ በሚቀቀለው ላይ ግን ይበልጥ ይጠንቀቁ። ትኩሱ እንቁላል ሲቀዘቅዝ የተነከረበትን ውሃ በቅርፊቱ ይስባል፤ ስለዚህ ማቀዝቀዣው ለመጠጥ የሚሆን ውሃ ይሁን። እጁ የቆሰለ ሰው አይላጥ፤ ከቁስል የሚገባው ስታፊሎኮከስ የተባለ ጀርም የሚያመነጨው መርዝ ወጡ ዳግመኛ ቢፈላም አይጠፋም። ወጡ ከወረደ በ2 ሰዓት ውስጥ በትናንሽ ዕቃ ተከፋፍሎ ፍሪጅ ይግባ፤ በትልቅ ድስት እንዳለ ከተተወ መሃሉ ለብ እንዳለ ለሰዓታት ይቆያል፣ ለጀርም ከዚህ የተሻለ ቤት የለም። ፍሪጅ መብራት ሲጠፋ ካልተከፈተ 4 ሰዓት ያህል ቅዝቃዜውን ይይዛል። ከዚያ ካለፈ ወጡንና የተቀቀለውን እንቁላል ይድፉ፤ ያሳዝናል፣ ግን ይድፉ።

ሳልሞኔላ ከተበላ ከ6 ሰዓት እስከ 6 ቀን ባለው ጊዜ ተቅማጥ፣ ትኩሳትና የሆድ ቁርጠት ያመጣል፤ አብዛኛውን ጊዜ ከ4 እስከ 7 ቀን ውስጥ ይለቃል። ይህ ታይፎይድ አይደለም። የታይፎይድ ጀርም ራሱ አንድ የሳልሞኔላ ዓይነት ቢሆንም የሚኖረው በሰው ላይ እንጂ በዶሮ አይደለም፤ ስለዚህ ሳይመረመሩ ከመድኃኒት ቤት አንቲባዮቲክ አይግዙ። ለቀላሉ ሕመም አይጠቅምም፤ ጀርሙ ከሰገራ ጋር የሚወጣበትን ጊዜም ሊያራዝም ይችላል።

ተቅማጡ ቢመለስ 1 ከረጢት ኦ አር ኤስ (ሕይወት አድን ንጥረ ነገር) በ1 ሊትር ንጹሕ ውሃ በጥብጠው በየጥቂቱ ያጠጡት፤ ዚንክም ከጤና ጣቢያ ይጠይቁ፣ በዚህ ዕድሜ በቀን 20 ሚሊግራም ነው። ደም ከታየ፣ የጠጣውን ሁሉ ካስመለሰ፣ ዓይኑ ከጎደጎደ፣ ከፈዘዘ ወይም ሽንቱ ከቀነሰ ግን እስኪነጋ አይጠብቁ፤ በዚያው ሌሊት ወደ ሆስፒታል ይውሰዱት።