መልስ፦ ማግኔት ጊዜን ያዘገያል ወይ?

አብሽር ወንድሜ! ድሬዳዋ ላይ በማግኔት ጊዜን የሚያዘገይ ማሽን ያለበት ልብ ወለድ እየጻፍክ «ሳይንሱ ያስኬዳል ወይ?» ላልከው፣ ማግኔት የሚያዛባው ሰዓቱን እንጂ ጊዜን አይደለም። በእጅ በሚሞላ ሰዓት ውስጥ ያለችው ፀጉር የምታህል ጥምዝምዝ ሽቦ ማግኔት ሲነካት እርስ በርሷ ትጣበቃለች። ሰዓቱም አብዛኛውን ጊዜ ይፈጥናል።

ጊዜን በእውነት የሚያዘገዩት ፍጥነትና የስበት ኃይል ናቸው። ሐረር ከድሬ 600 ሜትር ያህል ከፍ ስለምትልና የስበቱ ጫና እዚያ ትንሽ ስለሚላላ፣ ጊዜ በቀን 6 ናኖሰከንድ (የሰከንድ 6 ቢሊዮንኛ) ገደማ ይቀድማል። ይሄን እንዳታልፈው፣ በጣም ያምራል!

ደግሞ በአንስታይን ንድፈ ሐሳብ የማግኔት ጉልበትም ራሱ ስበት አለው፤ ግን ኢምንት ነው። ማሽንህ ያንን ኢምንት ያግዝፈው። ፈጠራህን እዚህ ጋ ብቻ አስገባ። ከዚያ ከድሬ ከዚራ ሰፈር ተነስቶ የደንገጎን ዳገት የወጣ ሰው ሐረር ሲደርስ ሰዓቱ ከማንም ጋር አይገጥምለትም።