ያዙኝ የሚል ልጅ ያዥ ሲያጣ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ዓምድ በቡና ለቀማ ወቅት በጅማ ስለሚበዛው የምሽት ጠብ በጥቂቱ ጽፌ ነበር። ከዚያ ወዲህ የደረሱኝ ደብዳቤዎች አብዛኞቹ በልጆቻችን ኪስ ስለሚገኘው ስለት የሚጠይቁ ናቸው፤ ስለዚህ ሌላውን ሁሉ ለሌላ ጊዜ አቆይቻለሁ። ለአዲስ አንባቢዎች ያህል፣ ጡረታ እስክወጣ ድረስ በድንገተኛ ክፍል ነርስ ነበርኩ። ስለ ቁስል የምናገረው በእጄ ከነካሁት ነው። ስለ ሕግ የምለው ግን ጠበቃን አይተካም።

የልጄን ሱሪ ሳጥብ ሰንጢ አገኘሁ (አንዲት እናት፣ ከቆጪ)

ደብዳቤያቸው ረጅም ነው፤ ጭብጡ ይህ ነው። ልጃቸው 16 ዓመቱ ነው። ስለ ሰንጢው ሲጠይቁት «ሁሉም ይይዛል፤ እኔ ብቻ ባዶ እጄን ልሂድ?» አላቸው። አባቱ ሊገርፈው ተነሣ። አጎቱ ደግሞ ሳቀና «ወንድ ሆኗል» አለ። እናትየዋ ሰንጢውን ልጣለው ወይስ ለፖሊስ ልንገር ይላሉ።

እህቴ፣ ሰንጢውን መጣል ቀላሉ ሥራ ነው። ህርማታ ገበያ ወጥቶ ነገ ሌላ መግዛት አያቅተውም። ከሰንጢው ይልቅ የሰጠዎትን መልስ ይያዙት። «ባዶ እጄን ልሂድ?» ያለ ልጅ ፈርቷል። ማንን ነው የፈራው? በየትኛው መንገድ? ከትምህርት ቤት ሲወጣ ነው ወይስ ማታ በአዌቱ ድልድይ በኩል ሲመለስ? ይህን ሳያውቁ ቢገርፉት፣ ከሚፈራቸው ሰዎች ላይ አባቱንም ትጨምሩበታላችሁ።

እኔ ባደግሁበት ጊዜ በመንቲናም በፈረንጅ አራዳም ልጆች ይደባደቡ ነበር፤ የድሮ ልጅ ጨዋ ነበር ብዬ አልዋሽዎትም። ጠቡ ግን ሥርዓት ነበረው። ይሰዳደባሉ፣ በደረት ይገፋፋሉ፣ ከዚያ አንደኛው ድምፁን ከፍ አድርጎ ያዙኝ ልቀቁኝ ይላል። ይህን አባባል ዛሬ ባዶ ፉከራን ለመንቀፍ እንጠቀምበታለን። ቃሉን ረጋ ብለው ቢሰሙት ግን ልመና አለበት፤ «ያዙኝ» የሚለው ነው የሚቀድመው። ልጁ መያዝ ይፈልጋል። ከተያዘ ሳይሸሽም ሳይዋረድም ወደ ቤቱ ይገባል፤ ለጓደኞቹም «ባይዙኝ ኖሮ» ብሎ ይተርካል። ባለሱቁ ከባንኮኒው ጀርባ ሮጦ ይወጣል፣ ከገበያ የምትመለስ ሴት ዘንቢሏን አስቀምጣ መሐል ትገባለች፣ ከመስጊድ የሚወጡ አባት ከዘራቸውን ያነሣሉ። የጠቡ ግማሽ አካል ገላጋዩ ነበር።

ገላጋይ ግን እስኪደርስ ጥቂት ጊዜ ይፈልጋል። ቡጢ ያንን ጊዜ ይሰጠዋል። ሰንጢ አይሰጠውም።

አንድ ሌሊት አንድ የ17 ዓመት ልጅ ጓደኛውን በባጃጅ አምጥቶ ገባ። ሁለት እጆቹ እስከ ክርን ደም ነበሩ። ስሙን ስጠይቀው የጓደኛውን ስም ነገረኝ። ማን ወጋው ስለው ዝም አለ። ከግድግዳው ሥር ቁጢጥ ብሎ «ይተርፋል?» ይለኛል፤ አልፌ በተመለስኩ ቁጥር «ይተርፋል?» ፖሊስ መጥቶ ሲወስደው ነው የወጋው እሱ ራሱ መሆኑን ያወቅሁት። የተጣሉበት ነገር የስልክ ቻርጀር ነበር። ቁስሉ ከውጭ ሲታይ ከአውራ ጣት ጥፍር አይበልጥም፤ ወደ ውስጥ ግን ጉበት ደርሷል። ጓደኛው አልተረፈም። የወጋው ልጅ በማግስቱ ጠዋት ያንን ንዴቱን ቢፈልገው እንኳ የሚያገኘው አይመስለኝም። ኪሱ ውስጥ ከሐሳቡ ቀድሞ የሚደርስ ነገር ነበረው፤ ከእሱ ጋር ደግሞ የሚይዘው ሰው አልነበረም።

ስለዚህ የምመክርዎ ይህን ነው። ሰንጢውን ከልጁ እጅ የሚቀበለው ያ የሳቀው አጎት ይሁን። «ወንድ ሆኗል» ያለው አንደበት «እኔም ፈርቼ አውቃለሁ፤ ሸሽቼም አውቃለሁ» ቢለው፣ ከመቶ ምክር ይበልጥበታል። ልጁ የፈራውን ሰው ስም ካወጣ በሩን ዘግታችሁ አትቀመጡ። ወደዚያኛው ልጅ ወላጆች ሂዱ፤ ከትምህርት ቤቱ ርእሰ መምህርም ጋር ተነጋገሩ። እስኪበርድ ድረስ አንድ ትልቅ ሰው አብሮት ይመላለስ። እገድልሃለሁ የሚል የታወቀ ዛቻ ካለ ግን ለፖሊስ ማመልከት ልጅን አሳልፎ መስጠት አይደለም፤ ሳይውል ሳያድር ያመልክቱ።

አንድ ነገር ደግሞ ለልጁ ራሱ ይንገሩልኝ። ባዶ እጁን የሆነ ልጅ ይሮጣል። ሰንጢ የያዘ ልጅ ግን ሮጦ ከሚያመልጠው ጠብ ውስጥ ይቆያል፤ በገዛ ሰንጢያቸው የተወጉ ልጆች ሰፍቻለሁ።

የአያቴን ጎራዴ ሳሎን ልሰቅለው ነው፤ ትናንሽ ልጆች ግን አሉ

ስቀሉት። ሰገባውን በሽቦ አጥብቃችሁ እሰሩት፣ ወንበር ላይ የቆመ ልጅ ከሚደርስበት በላይ ይሁን።

ልጄ ዕድሜው ስላልደረሰ ሕግ አይነካውም ተብያለሁ (አባት፣ ከቦሳ አዲስ)

የነገረዎት ሰው ተሳስቷል፤ ይህ ስህተት በየሰፈሩ ሲነገር መስማት ሰልችቶኛል፣ ምክንያቱም ልጆቹም ይሰሙታል። በ1996 ዓ.ም. በወጣው የወንጀል ሕግ መሠረት በወንጀል የማይጠየቀው 9 ዓመት ያልሞላው ሕፃን ነው። ከ9 እስከ 15 ላሉት ሕጉ የራሱ ልዩ እርምጃዎች አሉት። ከ15 ዓመት በላይ ሆኖ 18 ያልሞላው የሚዳኘው እንደ አዋቂው ነው፤ ፍርድ ቤቱ ዕድሜውን አይቶ ቅጣቱን ሊያቀልለት ይችላል፣ የሞት ቅጣትም አይፈረድበትም። እንደጻፉልኝ የእርስዎም ልጅ 16 ነው። ተራ የሰው ግድያ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል። ይህን እራት ላይ ተረጋግተው ይንገሩት።

ራስን ለመከላከል ብይዝስ?

ሕጉ መከላከልን የሚቀበለው ጥቃቱ ሕገወጥና በዚያች ቅጽበት የደረሰ፣ በሌላ መንገድ ሊወገድ የማይችል፣ መከላከሉም ከአደጋው ጋር የተመጣጠነ ሲሆን ነው። የሰደበህን መውጋት ከዚህ አንዱንም አያሟላም። የቀረውን ጠበቃ ይንገርህ።

ተወግቶ የወደቀ ልጅ አይቼ አለፍኩ (ባጃጅ አሽከርካሪ)

ይህ ወንድሜ ሌሊት መንገድ ዳር የወደቀ ልጅ አየ። ጓደኞቹ ከጎኑ የተሰካውን ቢላዋ እየነቀሉ ነበር። ባጃጁ በደም ከተነካ ፖሊስ ያስረኛል ብሎ ፈርቶ አለፈ፤ ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ አጥቷል። በድያለሁ ወይ ይለኛል።

መቆም ነበረብህ። አንተም ስለምታውቀው ነው የጻፍክልኝ። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 575 ራሱን ለአደጋ ሳያጋልጥ ሊረዳ እየቻለ ሕይወቱ አደጋ ላይ ያለን ሰው ጥሎ የሄደን ይቀጣል። የሚያስጠይቀው ማንሣት ሳይሆን ጥሎ መሄድ ነው። ፖሊስ ሊጠይቅህና ቃልህን ሊቀበል ይችላል፤ ያየኸውን ትናገራለህ። ይህን ሁሉ የምልህ በጸጸት እንድትሰቃይ አይደለም፤ ለሚቀጥለው ሌሊት እንድትዘጋጅ ነው። የምትሠራው በሌሊት ነውና ሌላ ቀንም ያጋጥምህ ይሆናል።

የተሰካ ቢላዋ ከቶ አይነቀልም። ቢላዋው የቆረጠውን የደም ሥር እንደ ቡሽ ደፍኖት ሊሆን ይችላል፤ ሲነቀል ደሙ ይፈታል። ባለበት ሆኖ እንዳይንቀሳቀስ ግራና ቀኙን በጨርቅ ደግፈው። ስለቱ ከሌለና ደም የሚፈስ ከሆነ ንጹሕ ጨርቅ፣ ካጣህም የራስህን ሸሚዝ፣ ቁስሉ ላይ አድርገህ በሁለት እጅህ በኃይል ተጫን። ቆሞ እንደሆነ ለማየት በየደቂቃው አትግለጠው። ጨርቁ ከራሰ በላዩ ሌላ ጨምር። እጅ ወይም እግር ሆኖ በመጫን ብቻ አልቆም ካለ ከቁስሉ በላይ ወደ ሰውነቱ በኩል ሰፊ ጨርቅ አጥብቀህ እሰር፤ ያሰርክበትን ሰዓት ለሐኪም ንገር። አንጀት ከወጣ ወደ ውስጥ አትመልሰው፤ በንጹሕ ውኃ በራሰ ጨርቅ ሸፍነው። የተወጋው ደረቱን ከሆነና ትንፋሽ ካጠረው በግድ አታስተኛው፤ በሚመቸው ሁኔታ ደግፈህ አስቀምጠው። ውኃ ለምኖህ እንኳ ቢሆን አትስጠው፤ ቀዶ ጥገና ይጠብቀው ይሆናል። ልብስ ደርብለት፤ ደም የፈሰሰው ሰው ይበርደዋል።

የአዋቂ ሰው ደም በጠቅላላው 5 ሊትር ገደማ ነው። የጭን ትልቁ የደም ሥር ከተቆረጠ ሰው በጥቂት ደቂቃዎች ሊሞት ይችላል። የቀይ መስቀል አምቡላንስ ስልክ 907 ነው። አምቡላንሱ ከዘገየ ባጃጅህ አምቡላንስ ናት፤ አንተ ስትነዳ አንድ ሰው ከኋላ ሆኖ ቁስሉን ይጫን። መቀመጫው ይታጠባል።

ሥጋ ቤት ነው የምሠራው፤ ማታ ቢላዬን ይዤ ስገባ ያስቆሙኛል

ሱቁ ውስጥ ቆልፈህ ሂድ። የግድ መውሰድ ካለብህ ጠቅልለህ ከቦርሳው ሥር አድርገው፤ በወገብህ አትሻጠው።

ሽማግሌ ተልኮብናል፤ ይቅር ካልን ክሱ ይዘጋል? (ቤተሰብ፣ ከጊንጆ)

ልጃቸው ክንዱን ተወግቶ ተሰፍቶ ድኗል። የወጊው ወገኖች ሽማግሌ ልከው ካሣ እንክፈል፣ አቤቱታችሁን አንሡ ይላሉ።

ይቅር ማለት የእናንተ ነው፤ ማንም አይከለክላችሁም። ክሱ ግን ሙሉ በሙሉ የእናንተ አይደለም። በአንቀጽ 556 ቀላል የአካል ጉዳት የሚያስቀጣው በተበዳዩ አቤቱታ ነው። ጉዳቱ የደረሰው በመሣሪያ ወይም ሊጎዳ በሚችል ነገር ሲሆን ግን ያለ እናንተ አቤቱታም ያስከስሳል፤ ቅጣቱም ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ነው። ከባድ ጉዳት ከተባለ አንቀጽ 555 እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ያደርሰዋል። ሽማግሌዎቹ «እናንተ ካላችሁ ይዘጋል» ካሉ ያልተሰጣቸውን ነው ቃል የገቡት። ዐቃቤ ሕጉን ራሳችሁ ጠይቁ።

እርቁን ግን አትተዉት። በእኛ አካባቢ ጉማ የሚባለው የደም ካሣና የእርቅ ሥርዓት ሲከበር የኖረው ደም ደምን እንዳይጠራ ነው፤ የእናንተ እርቅም የሚጠቅመው ለተወጋው ልጅ ወንድሞች ነው። እነሱ ማታ ማታ ምን እንደሚያወሩ እናንተ ታውቃላችሁ። ሆኖም እኔን የሚያናድደኝ አንድ ልማድ አለ፦ አባቶች ጥላ ሥር ተቀምጠው ይመራረቃሉ፣ ቡና ይጠጣሉ፣ የተጣሉት ልጆች ግን በዚያ የሉም። እንዲህ ያለውን እርቅ አትቀበሉ። የወጋው ልጅ በራሱ አንደበት ይናገር፣ የተወጋውም ምን እንዳመመው ይናገር፣ የሁለቱም ቤት ወንዶች ልጆች የያዙትን ስለት ከሽማግሌዎቹ ፊት ያስቀምጡ። ሽማግሌዎቹ ይህ ልማዳችን አይደለም ካሉ፣ ሰንጢ ይዞ ትምህርት ቤት መሄድም ልማዳችን እንዳልነበረ አስታውሷቸው።

ጓደኛዬ ሲወጋ አይቻለሁ፤ መተኛት አልቻልኩም (የ11ኛ ክፍል ተማሪ)

ልጄ፣ ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ያንን መንገድ ትሸሺዋለሽ፣ የብረት ድምፅ ሲሰማ ትደነግጫለሽ፣ ዓይንሽን ስትከድኚ ያው ነገር ይመጣብሻል። ቤተሰቦችሽ «አንቺን ምን ነካሽ፣ የተወጋው እሱ ነው» ይሉሻል። ተሳስተዋል። ስለት ያየውንም ሰው ያቆስላል። እብደት አይደለም፤ ድክመትም አይደለም። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ብዙ ሰው እንዲህ ይሆናል፤ ለብዙዎቹም እየቀለለ ይሄዳል። አንቺ ግን ሦስት ወር አልፎሻል።

ስለዚህ ይህን አጥብቄ እልሻለሁ፦ ጅማ ሕክምና ማዕከል የአእምሮ ሕክምና አገልግሎት አለ፤ በዚህ ሳምንት ሂጂ። እናትሽን ወይም አክስትሽን ይዘሽ ሂጂ፤ እንቢ ካሉሽ ይህን ጽሑፍ አሳዪያቸው። ጠበል መጠመቅም ሆነ ቁርአን ማስቀራት ከሕክምናው አይጋጭም፤ ሁለቱንም አድርጉ። ለጥናት ብለሽ የጀመርሽውን ጫት ተዪው፤ እንቅልፍ ያጣ ሰው በላዩ ጫት ሲቅም ጭራሽ ይብስበታል። ባልኖርኩ የሚል ሐሳብ ከመጣብሽ ደግሞ ቀጠሮ አትጠብቂ፤ ሌሊትም ቢሆን ድንገተኛ ክፍል ግቢ።

ለቤተሰቧ፦ የሆነውን ደጋግማ እንድትተርክላችሁ አታስገድዷት። መናገር ስትፈልግ ግን ሥራችሁን አቁማችሁ ስሟት።

ወንድሜ ለንደን ነው፤ እዚያ ስለት መያዝ ብቻውን ያሳስራል ይለኛል፤ እኛስ?

ወንድምዎ እውነቱን ነው። በእንግሊዝና በዌልስ ያለ በቂ ምክንያት በአደባባይ ስለት ይዞ የተገኘ ሰው እስከ 4 ዓመት ሊታሰር ይችላል፤ 18 ዓመት ላልሞላው ቢላዋ መሸጥም ክልክል ነው። ይህም ሆኖ እዚያም እናቶች በስለት የሞቱ ልጆቻቸውን ይቀብራሉ።

እኔን የሚማርከኝ የስኮትላንዷ ግላስጎው ነች። በአውሮፓ ግድያ ከሚበዛባቸው ከተሞች አንዷ ተብላ ነበር። በፈረንጆች 2005 ፖሊሷ ዓመፅን እንደሚተላለፍ በሽታ የሚመለከት ክፍል አቋቋመ። በ2008 የቡድን ጠበኛ ወጣቶችን ፍርድ ቤት ጠርተው ሰበሰቧቸው፤ ሊፈርዱባቸው ግን አልነበረም። ፖሊሱ ትዕግሥታችን አልቋል አላቸው፣ ሐኪሙ ስለሚሰፋው ፊት ነገራቸው፣ ልጇን ያጣች እናት ተነሥታ ተናገረች። መውጣት ለሚፈልግ ሥልጠናና ሥራ የሚያፈላልግለት የስልክ ቁጥር ተሰጠው። ከ2015 መጨረሻ ጀምሮ ደግሞ በከተማዋ ሆስፒታል የተወጋው ልጅ አልጋ አጠገብ ቁጭ ብለው የሚያነጋግሩ ሰዎች አሉ። በስኮትላንድ የግድያ ቁጥር በአሥር ዓመት ገደማ በግማሽ ያህል ወረደ፤ ሥራው የዚህ ክፍል ብቻ ነው አይባልም፣ ድርሻው ግን ትልቅ ነው።

እኔ እዚያ ያየሁት ገላጋይን ነው። በደመወዝና በቢሮ የተቀጠረ ገላጋይ። እኛ ሽማግሌ አለን፣ የእድር ዳኛ አለን፣ ኢማምና ቄስ አለን። ነገር ግን ቁስሉ ተሰፍቶ ልጁ ገና በአልጋ ላይ ሳለ፣ ጓደኞቹ ኮሪደሩ ላይ ማንን እንደሚበቀሉ ሲመካከሩ፣ አንድም ቀን አንድ ሽማግሌ መጥቶ አላየሁም። በሠራሁባቸው ዓመታት ሁሉ ያንን ምክክር በጆሮዬ ሰምቼ መርፌና ጥጥ ይዤ አልፌያለሁ። አሁን ጡረታ ላይ ነኝ፤ ጊዜ አለኝ። ከእድራችሁ ሁለት ሰው ለዚህ የሚሰጥ ካለ ይጻፍልኝ፤ አብሬ እመጣለሁ።

ልጄን የሰው ደም አተረፈው፤ እኔም መስጠት እፈልጋለሁ፤ 52 ዓመቴ ነው

ይችላሉ። ዕድሜ ከ18 እስከ 65፣ ክብደት ከ45 ኪሎ በላይ፣ በየ3 ወሩ። በልተውና በቂ ውኃ ጠጥተው ይሂዱ።