ፊቱን ታውቁታላችሁ፣ ስሙን ግን… ስለ ጄምስ ሆንግ ጠይቁኝ

እሺ ጀመርን። የዚህን ሰውዬ ስራ እየፈለግኩ ማየት ከጀመርኩ ቆይቻለሁ፣ የምችለውን እመልሳለሁ። አመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፣ እየቀነሳችሁ አትድከሙ።

ጥያቄ፦ ስሙን በህይወቴ ሰምቼ አላውቅም፣ ማነው?

ሳታውቀው አይተኸዋል ወንድሜ፣ የቻይና ዝርያ ያለው አሜሪካዊ ካራክተር አክተር ነው። በ1982ቱ ብሌድ ረነር ፊልም ላይ በዛ በረዶ በሆነ ክፍል ውስጥ ቱቦ የተሰካበት ፀጉራም ካፖርት ለብሶ ሰው ሰራሽ ዐይን የሚሰራው ቹ እሱ ነው (ቅዝቃዜው ትወና አይደለም፣ እውነተኛ ማቀዝቀዣ ክፍል ውስጥ ነው የተቀረፀው)። ልጆች ካሉህ ደግሞ የኩንግ ፉ ፓንዳው የፖ አባት፣ ኑድል ሻጩ ዝይ፣ ድምፁ የሱ ነው። የ1998ቱ ሙላን ላይ ያ ነገረኛው የንጉሱ አማካሪም እሱ ነው።

ጥያቄ፦ ካራክተር አክተር ስትል ኤክስትራ ማለትህ ነው?

ኧረ አይደለም! ኤክስትራ ከኋላ የሚያልፈው ሰው ነው፣ አብዛኛውን ጊዜ አይናገርም። ካራክተር አክተር ግን ሁለት ደቂቃም ብትሰጠው የሆነ ሰው ሆኖ ይገባል፣ አሳላፊው፣ ዶክተሩ፣ ጠንቋዩ፣ አማቹ። ዋናው ተዋናይ ታሪኩን ይሸከማል፣ እሱ ደግሞ ታሪኩ የሚሄድበት አለም ሰው የሚኖርበት እንዲመስል ያደርጋል።

ጥያቄ፦ እንዴት ጀመረ? ትወና ተምሮ ነው?

በሲቪል ኢንጂነሪንግ ነው የተመረቀው! በ1929 ሚኒያፖሊስ ተወለደ፣ በልጅነቱ ሆንግ ኮንግ ወስደውት ተመለሰ፣ ሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲ ጀምሮ ሎስ አንጀለስ ነው የጨረሰው። ከዛ የሎስ አንጀለስ ካውንቲ የመንገድ መሐንዲስ ሆኖ ተቀጠረ፣ እና ፊልም ሲመጣለት ፈቃድ እየወሰደ ይቀርፅና ተመልሶ ወደ መንገዱ። በ50ዎቹ የኮሜዲያኑ ግራውቾ ማርክስ የቲቪ ጥያቄና መልስ ሾው ላይ ቀርቦ የሰዎችን ድምፅ አስመሰለ፣ ግራውቾን ራሱን እዛው ፊቱ ላይ አስመሰለው፣ ድፍረቱን እዩልኝ! ከዛ ነው በር የተከፈተለት። በ1955 ከትልቁ የሆሊውድ ኮከብ ከክላርክ ጌብል ጋር ሰርቷል። ምህንድስናውን የተወው በኋላ ነው።

ጥያቄ፦ በዛን ጊዜ ለኤሽያ ዝርያ ተዋናይ ምን ይሰጡት ነበር?

ይሄ ነው ዋናው ነገር። አሽከር፣ ልብስ አጣቢ፣ ወይ ክፉ ሰው። ጥሩ የቻይና ሮል ከተፃፈ ነጭ ተዋናይ ዐይኑን በፕላስተር ተወጥሮ ይሰራዋል። ሆንግ በ1957 የቻርሊ ቻን ተከታታይ ላይ ልጁን ሲሰራ ቻርሊ ቻን ራሱ፣ ቻይናዊው መርማሪ፣ በነጭ ተዋናይ ነበር የሚሰራው። አባትየው ነጭ ልጅየው ቻይናዊ፣ ማንም አልገረመውም።

የጃፓኑ ፊልም ጎድዚላ በ1956 ለአሜሪካ ተመልካች ሲቀርብ ደግሞ የጃፓኖቹን ድምፅ ከሰሩት አንዱ እሱ ነው። አንዱን ዓረፍተ ነገር በተለያየ ፍጥነት እየደጋገሙ ያስቀዱታል፣ ከጃፓናዊው ተዋናይ አፍ ጋር የገጠመውን ይመርጣሉ። በ1980 ኤርፕሌን የሚባለው ኮሜዲ ፊልም ላይ እንደገና ጃፓናዊ ጀነራል አደረጉት። ለነሱ ቻይናም ጃፓንም አንድ ነበር በቃ።

እሱ ግን አኩርፎ አልተቀመጠም። በ1965 ተዋናዩን ማኮን ጨምሮ ከሌሎች ስምንት ሰዎች ጋር ኢስት ዌስት ፕሌየርስ የሚባለውን ቲያትር ሎስ አንጀለስ መሰረቱ፣ አላማው የኤሽያ አሜሪካውያን ተዋንያን ሰው የሚሆኑበት መድረክ እንዲያገኙ ነው። እስከ ዛሬ አለ። ለኔ ከፊልሞቹ ሁሉ ይሄ ይበልጥብኛል።

ጥያቄ፦ በትንንሽ ሮል እንዴት ይኖራል? ክፍያው ያኖራል?

እህቴ፣ ሚስጥሩ ብዛት ነው። ካራክተር አክተር አብዛኛውን ጊዜ በቀን ወይ በሳምንት ነው የሚከፈለው፣ አንዱ ላይ ሁለት ቀን ሌላው ላይ ሳምንት፣ ከዛ ስልክ መጠበቅ። የሚያቆየው ስራው በድጋሚ ሲታይ የምትመጣው ክፍያ ናት፣ እሷም በነፃ አልመጣችም፣ በ1960 የተዋንያን ማህበሩ ስራ አቁሞ ነው ፊልም ለቲቪ ሲሸጥ ተዋናዩ እንዲከፈለውና የጡረታና የጤና ፈንድ እንዲቋቋም ያስደረገው። የሱ ስራዎች ቁጥር ከ600 በላይ ነው የሚባለው፣ ፊልም፣ ቲቪ፣ አኒሜሽን፣ ጌም ሁሉ ተደምሮ።

ጥያቄ፦ ሳይንፌልድ የሚባለው የቲቪ ኮሜዲ ላይ ያለው እሱ ነው?

አዎ፣ የ1991ዱ የቻይና ምግብ ቤት ክፍል! ሙሉው ክፍል ሰዎች ጠረጴዛ ሲጠብቁ ነው፣ የቲቪ ጣቢያው አለቆች ምንም አይፈጠርበትም ብለው አልወደዱትም ነበር። ሆንግ በሩ ላይ ቆሞ ትንሽ ጠብቁ ይላል፣ አይቆጣ፣ አይቀልድ፣ ፊቱ ላይ ምንም የለም፣ እነሱ ሲያብዱ እሱ መዝገቡን ያያል። ኮሜዲ መስራት የምትፈልጉ ይሄን አስር ጊዜ እዩት።

ጥያቄ፦ ከየቱ ልጀምር?

ከ1986ቱ ቢግ ትራብል ኢን ሊትል ቻይና። ሎ ፓንን ሲሰራ በአንድ ፊልም ውስጥ አንዴ ዊልቸር ላይ የተጨማደደ ሽማግሌ፣ አንዴ ረጅም አስፈሪ ጠንቋይ ነው። ሲወጣ ከስሮ ነበር፣ በቪዲዮ ካሴት ነው ነፍስ የዘራው። ከዛ ቻይናታውን፣ 1974፣ የቤቱ አሽከር ነው፣ በ1990 ቀጣዩ ፊልም ላይም ያንኑ ሰው ሆኖ ተመልሷል። ዌይንስ ዎርልድ 2 ለመሳቅ ብቻ።

ጥያቄ፦ ኦስካር አለው?

ታጭቶም አያውቅም። ኤቭሪቲንግ ኤቭሪዌር ኦል አት ዋንስ ላይ ግን አያትየው እሱ ነው፣ ፊልሙ 7 ኦስካር ወስዷል። በየካቲት 2023 የተዋንያን ማህበሩ ለመላው ቡድን ሽልማት ሲሰጥ መድረኩን የያዘው 94 ከሞላው ገና አራት ቀን የሆነው ሽማግሌ ነው፣ ያንን የፕላስተር ዐይን ታሪክ አንስቶ አሁንስ እዩን ሲላቸው አዳራሹ ተነሳ።

ጥያቄ፦ ሆሊውድ እግረኛ መንገድ ላይ ያለው፣ የታዋቂ ሰው ስም የሚፃፍበት ኮከብስ?

ግንቦት 2022፣ በ93 አመቱ፣ ኮከቡን ካገኙት ሁሉ በእድሜ ትልቁ ሆኖ። ብዙ ሰው የማያውቀው ኮከቡ ክፍያ አለው፣ ከ50 ሺ ዶላር በላይ፣ አብዛኛውን ጊዜ ፊልም ሰሪው ድርጅት ነው የሚከፍለው። ለሱ ግን ተዋናዩ ዳንኤል ዴ ኪም ኦንላይን መዋጮ ከፈተ፣ ገንዘቡ በቀናት ውስጥ ሞላ። የቻይና ባህላዊ ጭፈራው ሲጀመር ሰውዬው ራሱ ገብቶ አብሮ ጨፈረ።