ማታ ማታ ሁለት ቢራ ለጤና ነው ማለት ይቻላል?

ጥያቄ፦ መምህር ቃለ ሕይወት ያሰማልን። ባለቤቴ ሰክሮ አያውቅም ግን ማታ ማታ ከእራት ጋር ሁለት ቢራ ይጠጣል፣ ዝክር ላይም ጠላው ጠጁ አይቀርም። ስናገረው «ጳውሎስ ራሱ ለጢሞቴዎስ ጠጣ ብሎታል፣ በልኩ ከሆነ ደግሞ ለልብ ጥሩ ነው» ይለኛል። እውነቱን ነው? ኃጢአትስ የለበትም?

መልስ፦ እህቴ ሰላም ላንቺ ይሁን። ኃጢአቱን ላስቀድም፣ ቤተ ክርስቲያናችን መጠጥ በራሱ ርኩስ ነው ብላ አታስተምርም፣ ጌታችን በቃና ዘገሊላ ውኃውን ወይን ጠጅ አድርጎታል እኮ። የተከለከለው ስካር ነው፣ ኤፌሶን 5፥18 ላይ በግልጽ አለ። ስለዚህ ሰውየውን ኃጢአተኛ እያልሽ ቤትሽን አትረብሺ።

ግን ጥቅሷን ሙሉዋን አብራችሁ አንብቧት። 1ኛ ጢሞ 5፥23 «ስለ ሆድህና ስለ በሽታህ ብዛት ጥቂት የወይን ጠጅ ጠጣ» ነው የምትለው። የተጻፈችው ለታመመ ሰው ነው፣ እሱም ውኃ ብቻ ይጠጣ ለነበረ፣ ያውም «ጥቂት» ተብሎ። ጤነኛ ሰው በየማታው እንዲጠጣ የተሰጠች ፈቃድ አይደለችም።

ለልብ ጥሩ ነው የሚለው ደግሞ ድሮ ከሐኪምም ይሰማ ነበር፣ በኋላ ሲታይ ግን ጥናቶቹ ላይ «የማይጠጡ» ተብለው ከተቆጠሩት ውስጥ ቀድሞ ይጠጡ የነበሩና ታመው ያቆሙ ሰዎች ነበሩበት፣ ከነሱ ጋር ሲወዳደር በልኩ የሚጠጣው ጤነኛ መምሰሉ አይቀርም። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2023 ለጤና ምንም ጉዳት የለውም የሚባል የአልኮል መጠን የለም ብሏል። አልኮል ሰውነታችን ውስጥ ገብቶ አሴታልዴሃይድ ወደሚባል መርዝ ይቀየራል፣ የጉሮሮ፣ የጉበት፣ የአንጀት፣ የጡት ካንሰር ከዚህ ጋር ይያያዛል፣ ቢራ ሆነ ጠጅ ሆነ ውስኪ ያው ነው። ትንሽ ለሚጠጣ አደጋው ትንሽ ነው፣ በጨመረ ቁጥር ይጨምራል።

እኔን ከሁለቱ ቢራ በላይ የሚያሳስበኝ ዝክሩ ነው። ቢራው ጠርሙሱ ላይ ተጽፎበታል፣ የቤት ጠላና ጠጅ ግን አንዱ ቤት ቀለል ያለ ነው ሌላው ቤት ራስ ያዞራል፣ ብርጭቆሽ ገና ጎደል ሲል ቀጂዋ መጥታ ትሞላዋለች፣ እምቢ ስትይ «በሞቴ» ትልሻለች፣ አንዴም ባዶ ካልሆነ ስንት እንደጠጣሽ በምን ታውቂያለሽ? የቅዱሳን ስም በሚጠራበት ቤት ግፊት ያለበትን ሰው፣ መድኃኒት የሚወስደውን ሰው «በሞቴ» እያልን እናጠጣለን። ነፍሰ ጡር ሳትቀር ጠላ ምግብ ነው ተብሎ ሲቀዳላት ሳይ በጣም ያመኛል፣ ለጽንሱ አንድ ብርጭቆም ቢሆን መቅረት አለበት። እባካችሁ እምቢ ላለ ሰው ውኃ ወይ ብርዝ አቅርቡለትና ተዉት።

ለባለቤትሽ በፍቅር እንዲህ በይው፣ ከጠጣህ ስለምትወደው ጠጣ፣ ለጤናዬ ነው ግን አትበል። መጪው ጾም ሲገባ ቢራውን አብሮ ይተወው። ቀላል ከሆነለት እሰየው፣ ማታ ካልጠጣ እንቅልፍ እምቢ ካለው ወይ ከተነጫነጨ ግን መጠጡ እየያዘው ነው፣ ንስሐ አባታችሁን አማክሩ። እጁ የሚንቀጠቀጥ ወይ የሚያልበው ከሆነ ደግሞ በድንገት ማቆሙ ራሱ አደገኛ ስለሆነ መጀመሪያ ሐኪም ጋ ይሂድ፣ አንቺም አብረሽው ሂጂ።