ስለ ዛኔሌ ሙሆሊ ጠይቁ፤ የቻልኩትን እመልሳለሁ

ሰላም ለሁላችሁ። ሥራዬ ፎቶ ማተም ነው፤ የደቡብ አፍሪካዎቹን ፎቶግራፈሮች ከሌሎቹ አብልጬ እከታተላለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ከመጀመራችን በፊት አንድ ነገር፦ ሙሆሊ የሚያነሱት ጥቁር ሌዝቢያኖችን (ሴት የሚያፈቅሩ ሴቶችን) እና ትራንስ ሰዎችን (ሲወለዱ የተሰጣቸው ጾታ የማይገልጻቸውን) ነው፤ ስለዚህ እኛ አገር እንዲህ ነው የምትሉትን የማንንም ሰው ስም ወይም ፎቶ እዚህ አታምጡ። እኛ አገር የተመሳሳይ ጾታ ግንኙነት በወንጀል ያስከስሳል።

ጀማሪ ሌንስ፦ ጋሼ፣ ሙሆሊ ማን ናቸው?

በ1972 ደርባን አጠገብ፣ ኡምላዚ ተወለዱ። ጆሃንስበርግ፣ ማርኬት ፎቶ ወርክሾፕ የሚባል የፎቶ ትምህርት ቤት ተማሩ። ፎቶ፣ ቪዲዮ፣ ሥዕል፣ የነሐስ ሐውልት ይሠራሉ፤ ራሳቸውን ግን «ቪዥዋል አክቲቪስት» (በምስል ለመብት የሚሟገት) ነው የሚሉት። የቀረውን ጎግል አድርግ።

ቀይ ዳማ፦ ራሳቸውን ባነሱባቸው ፎቶዎች ላይ ቆዳቸው እንዲያ የጠቆረው እንደ ፎቶግራፈሯ አይዳ ሙሉነህ ሞዴሎች ቀለም ተቀብተው ነው?

እዚህ ላይ ልቆይ። አይዳ የሞዴሎቿን ፊትና ገላ ቀለም ትቀባለች። ሙሆሊ ከ2012 ጀምሮ ራሳቸውን ያነሱበት «ሶምንያማ ንጎንያማ» (በዙሉኛ «ክብር ለጥቁሯ እንስት አንበሳ») ግን ጥቁርና ነጭ ነው፤ ቆዳው የጠቆረው ፎቶው ከተነሳ በኋላ ኮንትራስቱ (የጥቁሩና የነጩ ልዩነት) ከፍ ስለተደረገ ነው። ቅብ አይደለም፣ ያዙልኝ።

የካሜራ ብርሃን መለኪያ ያየውን ሁሉ መካከለኛ ግራጫ አድርጎ ነው የሚቆጥረው። ጥቁር ፊት ፍሬሙን ሲሞላው «ጨልሟል» ብሎ ያነጣዋል፤ ከኋላ ነጭ ግድግዳ ካለ ደግሞ ፊቱን ያጨልመዋል። በእጅ ካላስተካከልክ ትክክለኛውን ቆዳ አታገኝም። እኛ ደግሞ ይህ አልበቃን ብሎ የሙሽራ ፊት እናቀላለን! ደንበኛ ሁሉ «ትንሽ አቅላኝ» ነው። ሙሆሊ ተቃራኒውን ሄዱ፤ እስከ ጥግ አጠቆሩት፣ ዓይኑና ጉንጩ ላይ ያለው ብርሃን ግን አልጠፋም። ማተሙ ላይ ነው ፈተናው፦ ጥቁሩ ከተደፈነ ፊቱ ጠፋ ማለት ነው። በስልክ አይታችሁ አትፍረዱ።

የሚለብሱትንም እዩ። የልብስ መቆንጠጫ፣ የድስት መፈተጊያ። እናታቸው ቤስተር ከ40 ዓመት በላይ በነጮች ቤት በሠራተኝነት ኖረዋል፤ መቆንጠጫ ጸጉር ላይ የተሰካበት ፎቶ በእሳቸው ስም ነው የተጠራው። የማዕድን ሠራተኛ ቆብ ያለበት ደግሞ በ2012 ማሪካና በሚባል የማዕድን ቦታ ፖሊስ ለገደላቸው 34 ሰዎች ነው።

የመርካቶ ልጅ፦ ጥላሸት ነው ወይስ ቀለም?

ከላይ መልሻለሁ። አንብብ እንጂ ወንድሜ።

ሰሎሞን ዘቄራ፦ ይሄ የሌዝቢያን ነገር ሁሉ ከአፍሪካ ባህል ውጭ ነው፤ ፈረንጅ ያመጣው ነው።

ማሂ ከስቶክሆልም፦ ጥያቄህ የቱ ጋ ነው? ኡምላዚ ስዊድን ውስጥ መሰለህ?

ሰሎሞን ዘቄራ፦ አንቺ ውጭ ሆነሽ ነው የምታወሪው።

ማሂ ከስቶክሆልም፦ ሙሆሊ ግን እዚያው ተወልደው፣ የእዚያውን ሰዎች ነው ያነሱት።

ክርክሩን ሌላ ቦታ ውሰዱት። ሰሎሞን፣ በቋንቋቸው ርዕስ ሰጥተው የእናታቸውን ሥራ የሚዘክሩ ሰው ናቸው፤ ባህል ማለትህ ይህ ካልሆነ የቱ ነው?

ኤፍሬም ሲኒየር፦ የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥት ከ1996 ጀምሮ ተመሳሳይ ጾታ የሚያፈቅሩትን ይጠብቃቸው የለም እንዴ? ታዲያ ምን ቀራቸው?

ጥሩ ጥያቄ። ወረቀቱ አለ፤ ሰፈሩ ሌላ ነው። ጥቁር ሌዝቢያኖች «እናስተካክላችኋለን» እየተባለ ይደፈራሉ፣ ይገደላሉ። በ2009 የባህል ሚኒስትሯ ሉሉ ዚንግዋና የሙሆሊ ፎቶ ያለበትን ኤግዚቢሽን ብልግና ነው፣ አገር ግንባታን ይጻረራል ብለው ጥለው ወጡ። በ2012 ኬፕታውን ቤታቸው ተሰብሮ የብዙ ዓመት ሥራ የያዙ ሃርድ ድራይቮች ተሰረቁ። (ባካፕ አድርጉ፣ ባካፕ!)

ለዚህ ነው «ፌስስ ኤንድ ፌዝስ» የሚባለው ሥራ የሚበልጥብኝ። በ2006 ተጀመረ፤ ጥቁር ሌዝቢያኖችና ትራንስ ሰዎች በስማቸው፣ ፊት ለፊት እያዩን። ከመጀመሪያዎቹ አንዷ ገጣሚዋ ቡሲ ሲጋሳ ነበረች፤ በዓመቱ አረፈች። ግድግዳው ላይ ሲሰቀል በፎቶዎቹ መሃል ባዶ ቦታ ይተዋል፦ አንዱ ለሌለ ሰው፣ ሌላው ገና ላልተነሳ።

ቀይ ዳማ፦ እዚህስ እንደዚያ የሚሠራ ሰው ታውቃለህ?

ስም አታምጡ ብያለሁ። መጀመሪያ ላይም ብያለሁ።

አዲስ ገቢ፦ አጠቃላይ እንዴት ታየዋለህ?

ምኑን?

ጀማሪ ሌንስ፦ ጋሼ፣ ለጥቁር ቆዳ የቱ ካሜራ ይሻላል?

ያለህ ይበቃል። ብርሃኑን ፊቱ ላይ ለክተህ አንድ ስቶፕ ያህል (ማለትም በግማሽ) ቀንስ፣ ከዚያ እያየህ አስተካክል። ስለ ብራንድ አልመልስም።