ዳዊት ትራስ ሥር፣ ክታብ አንገት ላይ?

ጥያቄ፦ መምህር፣ የምኖረው ደሴ ቧንቧ ውሃ አካባቢ ነው። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ከተማችን ከገባ ወዲህ እንቅልፍ አጥቻለሁ፤ በር ሲንኳኳ እንኳ ልቤ ይመታል። ዳዊት ትራሴ ሥር አድርጌ እተኛለሁ፣ ግን አልተሻለኝም። ጎረቤቴ «ዓይነ ጥላ ነው» ብላ ክታብ የሚጽፍና የሚታጠን ሥር የሚሰጥ ሰው ዘንድ ልትወስደኝ ነው። ብሄድ ኃጢአት ይሆንብኛል?

መልስ፦ እኅቴ፣ እግዚአብሔር ይማርዎት። ክታቡን አያሠሩት። የቅዱሳን ስም ቢጻፍበትም በአስማት የተደገመ ነገር በኦሪት ዘዳግም 18 ከተከለከለው አይወጣም። የሥሩ ነገር ይለያል፤ ዕፅ በራሱ ኃጢአት የለበትም። ነገር ግን ምንነቱ ያልታወቀ፣ ድግምትም ያለበት ከሆነ ለነፍስም ለሥጋም አይበጅም።

ዳዊቱን ከትራስ ሥር ያውጡት። የተሰጠን እንድንጸልይበት ነው። ሊተኙ ሲሉ መዝሙር 4ን ቀስ ብለው ይድገሙት፤ አጭር ነው፣ መጨረሻው «በሰላም እተኛለሁ አንቀላፋለሁም» ይላል። ሌሊት 9 ሰዓት ላይ ዓይንዎ ከፈጠጠ ደግሞ አልጋ ላይ እየተገላበጡ ከራስዎ ጋር አይታገሉ። ይነሡ፣ ነጠላዎን ይልበሱ፣ ጥቂት ይጸልዩ፣ እንቅልፍ ሲመጣ ይመለሱ። ቤተ ክርስቲያናችን የሌሊት ጸሎት አላት፤ በዚያ ሰዓት የነቁት እርስዎ ብቻ አይደሉም።

እንቅልፍ ማጣት ሁሉ የሰይጣን ሥራ ነው ማለት አይቻልም። በመጽሐፈ አስቴር ምዕራፍ 6 ንጉሡ እንቅልፍ ባጣባት ሌሊት የታሪክ መጽሐፍ አስነበበ፣ ንጉሡን ከሞት ያዳነው የመርዶክዮስ የተረሳ ውለታም በዚያው ተገኘ።

በጦርነት መካከል ያለፈ ሰው በኮሽታ መደንገጡ፣ ሌሊት መባነኑ በሐኪሞች ዘንድ የታወቀ፣ ሕክምና ያለው ሕመም ነው። ይህን አጥብቄ የምነግርዎ ብዙ ምእመናን «እምነቴ ጎደለ» እያሉ በዝምታ ስለሚሰቃዩ ነው። መጽሐፈ ሲራክ በምዕራፍ 38 ባለ መድኃኒትን አክብር፣ እርሱንም እግዚአብሔር ፈጥሮታልና ይላል። የአእምሮ ሐኪም ዘንድ ይሂዱ። ጸበልም ይጠመቁ፤ ነገር ግን ጸበል ጀመርኩ ብለው የታዘዘልዎትን መድኃኒት በራስዎ ፈቃድ አያቋርጡ። የማታውንም ቡና ይተዉት። የወሎ ሰው በረካውን ሳይጠጣ መነሣት እንደሚከብደው አውቃለሁ፤ ሆኖም ቡና ከሰውነት የሚወጣው ከብዙ ሰዓት በኋላ ነው።

ጎረቤትዎን አይቀየሟት፤ ለእርስዎ ተጨንቃ ነው። ወደ ንስሐ አባትዎ ሲሄዱ አብራችሁ ሂዱ፣ ጥያቄዋንም ለእርሳቸው ታቅርብ።