መልስ፦ ለሐዋሳ ሐይቅ የጀልባ ማቆሚያ ለባሕር ላይ መድረኮች የወጣ የዲዛይን ደረጃን (ስታንዳርድ) መጠቀም ይቻላል?

ይቻላል፤ የማዕበሉን ቁጥር ግን እንዳትገለብጥ። ኤፒአይ አርፒ 2ኤ (የአሜሪካ ነዳጅ ኢንስቲትዩት ለቋሚ የባሕር ላይ መድረኮች ያወጣው የዲዛይን መመሪያ) ላይ አግኝቼ ሞዴሌ ውስጥ አስገባሁት ያልከው የማዕበል ከፍታ ለሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ የወጣ ነው። ርዝመቱ 16 ኪሎ ሜትር ገደማ የሆነ ሐይቅ ያን ያህል ማዕበል ከየት ያመጣል? ፓይልህ (ወደ ሐይቁ ወለል የሚተከለው ምሰሶ) ያለ ነገር ወፍሮ የወጣው ለዚህ ነው። ከሰነዱ አሠራሩን ውሰድ፤ ቁጥሩን ከሐይቁ።

1. የሐዋሳን የነፋስ መዝገብ ከሚቲዎሮሎጂ ጠይቅና የ100 ዓመቱን ፍጥነት (በአማካይ በ100 ዓመት አንዴ የሚጠበቀውን) አውጣ።
2. ነፋሱ ውሃው ላይ ሳይቋረጥ የሚሮጥበትን ርቀት ከካርታ ለካ። ከፍጥነቱ፣ ከርቀቱና ከጥልቀቱ የማዕበሉን ከፍታ ታገኛለህ።
3. ሐይቁ መውጫ ወንዝ ስለሌለው ከፍ ዝቅ ይላል። በከፍተኛውም በዝቅተኛውም ልክ አስላ። የአሞራ ገደል ዓሣ አጥማጆችን ውሃው የት ድረስ መጥቶ እንደሚያውቅ ጠይቃቸው፤ ጥሩ ማመሳከሪያ ናቸው።

ሌላው፣ ሥራ ላይ ደጋግሞ የሚያጋጥመኝ የአኖድ ነገር ነው፤ አኖድ ማለት የመዋቅሩን ብረት ከዝገት ለመጠበቅ በእሱ ፈንታ እንዲበላ የሚታሰር የብረታ ብረት ቁራጭ ነው። የአንተም ዝርዝር የአሉሚኒየም አኖድ ይላል። እሱ ለጨው ውሃ ነው። ጨው በሌለው ውሃ ውስጥ ላዩ ይሸፈንና ሥራ ያቆማል፤ አኖዱ ሳይነካ ብረቱ ይበላል። ጠላቂው ደግሞ «አኖዱ አዲስ ነው» ብሎ በደስታ ይጽፍልሃል! ማግኒዢየም አድርገው። ብረቱ መጠበቁን በቮልት ስትለካም ለባሕር የሚሆነውን የብር ክሎራይድ ማነጻጸሪያ ኤሌክትሮድ ትተህ የመዳብ ሰልፌቱን ያዝ፤ መስፈርቱ ከ0.85 ቮልት ኔጌቲቭ ያላነሰ ነው።

የነባር መዋቅር ፍተሻን አርፒ 2ኤ ውስጥ አትፈልገው። እ.ኤ.አ. በ2014 ራሱን ችሎ አርፒ 2ሲም በሚል ወጥቷል።